ከካሜራው ጎን

ለምወድሽ ታናሽ እህቴ፤

ደብዳቤ በሰላምታ እንደሚጀመር ያስተማሩን መምህር ዛሬ በሕይወት ቢኖሩ ይህን ወረቀት በቀይ ቀለም አስምረው ይመልሱልኝ ነበር። ይሁን። ከሰላምታው በፊት የማርመው ነገር አለኝ፤ እሱን ሳላርም ደህና ነሽ ወይ ብልሽ ሰላምታዬ ከአንገት በላይ ይሆንብኛል።

ስለ እኔ የሚወራውን ሰምቻለሁ። አሮጊቷ ናላዋ ዞሮ ሰው ሁሉ የሚወደውን የድሮ ፊልም በመቀስ እየከተከተችው ነው፤ መታጠቢያ ቤቷ ውስጥ የልብስ ማስጫ ገመድ ዘርግታ የሰው ፊት ሰቅላበት ስታነጋግረው ትውላለች ይባላል። የነገረችኝ የመድኃኒት ቤቷ ሴት ናት። የግፊት ክኒኔን እያቀበለችኝ ድምጿን ዝቅ አድርጋ፣ እማማ፣ እንቅልፍ ግን ይወስድዎታል ወይ አለችኝ። በደንብ ይወስደኛል አልኳት። አንገቷን ነቀነቀች፤ ያመነ ሰው አነቃነቅ ግን አልነበረም። ለምን እንደጠየቀችኝ እስክትነግረኝ ድረስ ከባንኮኒው ፊት አልተነሳሁም። ከኋላዬ ሰልፍ ተሠርቶ ነበር።

እንግዲህ ላርም። ናላዬ አልዞረም። የምቆርጠውም ዋናውን ፊልም ሳይሆን ሲኒማ ቤቱ ሊጥለው ያወጣውን፣ ጭረት የጨረሰውን ቅጂ ነው፤ ዋናው ፊልም በሚከማችበት ቀዝቃዛ ክፍል ተቆልፎበት ተቀምጧል፤ ነክቼው አላውቅም። ደግሞ በሕይወቴ ፊልም በመቀስ ቆርጬ አላውቅም። ፊልም በምላጭ ነው የሚቆረጠው፤ በመቀስ የሚቆረጠው ጨርቅ ነው። ይህን እንኳ ሳያጣራ የሚያወራ ሰው ሌላውን ቢሳሳት አይገርመኝም። አላነጋግረውምም፤ አልፎ አልፎ ብቻ ነው፣ እሱም ፊልሙ ሲጠማዘዝብኝ ነው።

ገመዱ ግን እውነት ነው፤ የቆረጥኩትን ፊልም የምሰቅልበት ነው። የከነከነኝም እሱ ነው።

አሁን ወደ ሰላምታው። እንዴት ሰነበትሽ? ትንፋሽሽ እንዴት ነው? የእግርሽ እብጠት ጎደለልሽ ወይ? ትራስ ደራርበሽ ነው የምትተኚው ወይስ ጋደም ማለት ጀመርሽ? እኔ ጉልበቴ ካልተቆጠረ ደህና ነኝ። ዓይኔም እንዳለ ነው፤ በዚህ ዕድሜ እንዲህ ያለ ዓይን አይቼ አላውቅም ብሎኛል ሐኪሙ። ከዚህ በታች የምጽፍልሽን ስታነቢ ሐኪሙ ብዙም እንደማያውቅ ትረጃለሽ።

ነገሩን በሆነበትና ባሰብኩበት ቅደም ተከተል ነው የምጽፈው። መካከል ላይ ልትቆጪ ትችያለሽ። ተቆጪ፤ ወረቀቱን ግን እስከ መጨረሻው ሳታነቢ አትጣይው።

መታጠቢያ ቤቴ እንግዳ የሚገባበት አይደለም። ገብታ ገመዱን ያየችው ልጅሽ ብቻ ናት። ባለፈው ለሥራዋ ወደዚህ መጥታ እኔ ጋ ያደረች ጊዜ ጠዋት ፊቷን ልትታጠብ ገብታ ቆየችብኝ። ስትወጣ ፊቷ አመድ መስሎ ነበር። አክስቴ፣ ያ ሁሉ እማዬ ናት ወይ አለችኝ። ናት፣ አልኳት። ምን ልታደርጊያት ነው ብላ ጠየቀች፤ እቀጥላታለሁ ብዬ መለስኩላት። አሁን ሳስበው መልሱ ጥሩ አልነበረም። ሻይዋን በግማሹ ትታ ሄደች።

ስለዚህ የመድኃኒት ቤቷ ሴት ገመድ ስትል፣ ይህ ወሬ የወጣው ከአንድ ቤት ነው አልኩ። ከዚያ ቤት ውስጥ ደግሞ እኔን አበደች ማሰኘት የሚጠቅመው ማንን ነው ብዬ ማሰብ ጀመርኩ።

አንቺ ስለ ሥራዬ ጠይቀሽኝ አታውቂም፤ እኔም ነግሬሽ አላውቅም። ስለዚህ በአጭሩ ልንገርሽ፤ ያለዚያ የቀረው ነገር አይገባሽም። ዕድሜዬን ሙሉ የታሪክ አገልጋይ ሆኜ ኖርኩ። ጠረጴዛ ላይ ያረፈ እጅ፣ በመስኮት ብርሃን ውስጥ የሚንሳፈፍ አቧራ፣ በሩ እስኪከፈት በሩን የሚያይ ፊት፤ ይህ ሁሉ ታሪኩን ያዘገያል፣ አውጪው ይሉኝ ነበር አዘጋጆቹ። አወጣ ነበር። ጥሩ ጥሩው ቅርጫት ገባ። አሁን አዛዥ የለብኝም። ሰው በቃሉ የሚያውቃቸውን ፊልሞች አሮጌ ቅጂ እያስመጣሁ ታሪኩን አወጣለሁ፤ የተረፈውን እቀጥላለሁ። ንግግር የለውም፤ ድምፅ የለውም፤ ማን ምን ሆነ የለውም። ብርሃን ከብርሃን ጋር፣ መስመር ከመስመር ጋር፣ እንቅስቃሴ ከእንቅስቃሴ ጋር ብቻ። አጭር ነው፤ የተቀዳ ሻይ ሳይቀዘቅዝ ያልቃል።

የመጀመሪያው በሮች ብቻ ነበር። ከአንድ የሚያስቅ ፊልም ውስጥ የሚከፈቱና የሚዘጉ በሮችን ሁሉ አውጥቼ እንደ እስትንፋስ ቀጠልኳቸው። አምፖል የምንለው አለ፤ የሲኒማ ቤቱን ማሽን የሚያንቀሳቅሰው፣ ራሱ ላይ አንድ ጸጉር የሌለው ሰውዬ። አይቶ ሲጨርስ፣ እሺ፣ ማን ከማን ተጋባ አለኝ። ማንም ከማንም አልኩት። ታዲያ በሩን ለምን ከፈቱት? አለኝ። እንዲህ ያለ ተመልካች ነው ያለኝ። ቢሆንም ጥቂት ወጣቶች በእሁድ ጠዋት እየመጡ ያያሉ፤ ከመካከላቸው ሲያዛጋ ያየሁት አንዱን ብቻ ነው።

ከዚያ በኋላ ያንቺን ያዝኩ። ልብስ ሰፊዋን ሆነሽ የሠራሽበትን። በፊልሙ ውስጥ ክፍልሽ ተቀምጠሽ ያን ሰውዬ ስትጠብቂ የምትሰፊበትን፣ የምታቆሚበትን፣ ቀና የምትዪበትን ዝምታ ሁሉ ለይቼ አወጣሁ። ንግግርሽን ተውኩት። ልጅሽ ያየችው እሱን ነው።

ልጅሽ ከሄደች በኋላ በዚያው ሳምንት ደወልሽልኝ። ሰላምታሽ አጭር ነበር። ያን ፊልም ተዪው አልሽኝ፤ ስንት ፊልም አለ አይደል፣ ሌላ ያዢ። ለምን አልኩሽ።

"እትዬ፣ አንድ በአንድ ልታዪኝ ነው?" አልሽ።

ደብቆ ያቆየው ነገር የሌለው ሰው አትዪኝ አይልም። በልቤ እንዲህ ብዬ ነው ስልኩን የዘጋሁት። ወደ መታጠቢያ ቤት ገባሁና መብራቱን አብርቼ ቁራጮቹን እንደ አዲስ ማየት ጀመርኩ። ቀድሞ የማየው የመስኮቱ ብርሃን ጉንጭሽ ላይ የሚሠራውን ነበር። አሁን ዓይንሽን አየሁ።

በየዝምታው መጨረሻ ላይ፣ ምስሉ ወደ ሌላ ሊያልፍ ሲል፣ ዓይንሽ ሾልኮ ከካሜራው ጎን ወዳለ አንድ ቦታ ይሄድና ይመለሳል። በማሽን ሲታይ ማንም አያስተውለውም። ሲያስተውለውም ሰውየውን አየች ይላል፤ ምክንያቱም ከእሱ ቀጥሎ የሚመጣው የሰውየው ፊት ነው። በፊልም ውስጥ የሰው ዓይን የራሱ ባለቤት የለውም፤ ቀጥሎ የተለጠፈለት ሁሉ የሱ ነው። ዳቦ ብትለጥፊለት ረሃብ ይሆናል፤ ሕፃን ብትለጥፊለት ፍቅር ይሆናል። በዚህ ነው ስኖር የኖርኩት። አሁን ግን ሰውየውን አውጥቼዋለሁ። ዓይንሽ ባለቤት አጥቶ እጄ ላይ ቀረ። ታዲያ ማንን ነበር የምታዪው?

በአንዱ ላይ ቢሆን ድካም ነው እል ነበር። በሁሉም ላይ ነው። ሁልጊዜም ወደ ግራ።

የቀረጻውን ክፍል ታስታውሻለሽ። ካሜራው መካከል ነበር። ባለቤቴ፣ ነፍሱን ይማረውና፣ ከካሜራው በስተግራ ቆሞ ዓይኑን መመልከቻው ላይ ይደቅናል። አዘጋጁ ከኋላ፣ መብራት ያዡ ከአዘጋጁም ኋላ። በስተቀኝ እኔ ነበርኩ፤ ዝቅ ባለ ወንበር ላይ ሆኜ፣ በሚቀጥለው ቀረጻ እንዳይዛባ መርፌው በየትኛው እጅሽ እንደነበረ፣ አንገትጌሽ ተቆልፎ እንደነበረ፣ ክሩ ምን ያህል እንደቀረ እጽፋለሁ። በስተግራ ከባለቤቴ በቀር ሰው አልነበረም።

ጠረጴዛው ላይ ዓይንሽን ደግሜ ደጋግሜ ወደ ግራ ላክሁት። ተቀመጥኩ። ተነሳሁ። የባለቤቴን ፎቶግራፍ ከግድግዳው ላይ አወረድኩት።

ከዚያ ወዲያ አንዴ የተከፈተ ነገር ሆነ። ለማንም ሴት መብራት የማያስቀይር ሰው ላንቺ ስንት ጊዜ አስቀየረ አልኩ። በቀብሩ ዕለት አንቺ ሰው ደግፎሽ ነበር፤ እኔ ዓይኔ ደርቆ ቆሜ ነበር፤ ጎበዝ ሴት ናት አሉኝ። ማን ነበረች ባል የሞተባት አልኩ። ፊልሙ መጀመሪያ የታየ ቀን ራሴን አመመኝ ብለሽ ቀረሽ፤ ከዚያም በኋላ አይተሽው አታውቂም። ምን እንዳታዪ ነው? ደግሞ እኔ ቤት ገበታ ላይ ሁለታችሁ አብራችሁ ስትስቁ አይቼ አላውቅም። ያን ጊዜ አይዋደዱም ብዬ አዝን ነበር። አሁን ግን ተጠንቅቀው ነው አልኩ። ስትስቁ ባያችሁ ኖሮ ደግሞ የምለው አላጣም ነበር፤ ይህን ያኔ አላሰብኩትም።

ቅንብሩን በዚያ መንፈስ ጨረስኩት። ዓይንሽ ወደ ግራ፣ የሚዘጋ በር። ዓይንሽ ወደ ግራ፣ ባዶ ወንበር። ዓይንሽ ወደ ግራ፣ ጨለማ። ከሠራሁት ሁሉ እንደሱ የተዋጣልኝ የለም። ሰው ባያውቅም አንቺ ታውቂዋለሽ ብዬ እሁድ እንዲታይ ለአምፖል ነገርኩት፤ መጥሪያም ልልክልሽ አስቤ ነበር።

በመካከሉ ደወልሽ። ቀኑ ተቆረጠልኝ፣ ልቤን ሊከፍቱት ነው አልሽኝ። ድምፅሽ ቀጭን ነበር። ሐኪሙ ወጣት ነው ስትዪኝ አልወደድኩትም፤ ያን ግን በውስጤ ነው የያዝኩት። ነይና አጠገቤ ሁኚ አልሽ። ልጄ ታለቅሳለች፤ አንቺ አታለቅሺም፤ የማያለቅስ ሰው ነው የምፈልገው አልሽ።

"ሥራ አለኝ" አልኩሽ።

ምን ሥራ ብለሽ ጠየቅሽ። የጀመርኩት ፊልም አለ፣ እሁድ ይታያል አልኩሽ። የትኛው እንደሆነ አልጠየቅሽም። "እሺ፣ እትዬ" ብለሽ ዘጋሽ። ልጅሽ በማግስቱ ደውላ ቀዶ ጥገናው ከባድ መሆኑን፣ የሚነሳም የማይነሳም እንዳለ ነገረችኝ። እማዬ እንዳልነግርሽ ብላኝ ነበር አለች። እኔ ደግሞ እናቷ ልካት ነው አልኩ። አየሽ፣ እንግዲህ እዚህ ድረስ ደርሼ ነበር። የእህቴ ልጅ እናቴ ልትሞትብኝ ትችላለች ስትለኝ፣ እኔ ማን አስተማራት እላለሁ።

ሐሙስ ዕለት ሲኒማ ቤቱ ሄጄ በትልቁ መጋረጃ ላይ ሞከርነው። ባዶ አዳራሽ፤ እኔ መካከለኛው ረድፍ ላይ፣ አምፖል ከኋላ ከማሽኑ ክፍል ቀዳዳ። እንደተጀመረ ማጉረምረም ጀመረ። በሩ ሲመጣ ይጠራል፣ እህትሽ ስትመጣ ይደበዝዛል፤ እጄን ከማስተካከያው ላይ ማንሳት አልቻልኩም አለ። የማሽንህ ዕድሜ ነው አልኩት። የማሽኔን ዕድሜ ካነሳሽማ የሁላችንንም እናነሳለን አለኝ። ካለቀ በኋላ ጭንቅላቱን በቀዳዳው አውጥቶ፣

"እመት ምላጭ" አለኝ፤ ታውቂያለሽ፣ ሥራ ቤት የወጣልኝን ስም እስካሁን አልተወውም፤ "እህትሽ ከመቼ ጀምሮ ነው ግራኝ የሆነችው?"

ግራኝ ሆና አታውቅም አልኩት።

"ታዲያ በየትኛው እጇ ነው የምትሰፋው?"

እንደገና አስኬደው። መርፌው በግራ እጅሽ ነበር። በሁሉም ላይ። አንገትጌሽም በወንድ አቆላለፍ ተቆልፏል። እውነቱን ልንገርሽና፣ መጀመሪያ ያሰብኩት አምፖልን አንቺ ገዝተሽዋል ብዬ ነው።

ፊልም እንደ ጨርቅ ሁለት ፊት አለው። አንዱ ያብለጨልጫል፣ ሌላው ደብዘዝ ያለ ነው፤ ከንፈር ላይ ነካ ቢያደርጉት የሚጣበቀው ምስሉ ያለበት፣ የደበዘዘው ነው። ገልብጠው ከቀጠሉት ግራው ቀኝ፣ ቀኙ ግራ ይሆናል፤ ጥራቱም በጥቂቱ ይለያል፤ አምፖል የተቸገረው በዚህ ነው። ለሥራው የመጣ ማንም ጀማሪ በመጀመሪያው ቀን የሚማረው ነገር ነው። አምፖል አንዱን ቁራጭ ከንፈሩ ላይ አስነክቶ ሰጠኝ። ዝም ማለቱ ከቀልዱ ይልቅ አናደደኝ።

የገለበጥኳቸው እኔ ነኝ። ትዝ አለኝ። ካንቺ ጋር የምቀጥላቸው በሮች ላይ ብርሃኑ የሚመጣው ከቀኝ ነበር፤ አንቺ ክፍል ውስጥ መስኮቱ በግራ ነው። ሲቀጣጠሉ ብርሃኑ እየዘለለ ዓይኔን ረበሸኝ። ስለዚህ ገና ሥራውን ስጀምር፣ ልጅሽም ሳትመጣ፣ አንቺም ሳትደውዪ፣ ያንቺን ሁሉ ገልብጬ ሰቀልኳቸው። ያን ጊዜ የማየው ብርሃኑን ብቻ ነበር፤ የማን ፊት ላይ እንደወደቀ ግድ አልነበረኝም። በኋላ ፊቱን ማየት ስጀምር መገልበጤን ረሳሁት። መርፌ በየትኛው እጅ እንዳለ በመጻፍ እንጀራዋን የበላች ሴት፣ መርፌውን አላየችም።

አምፖልን ከማሽኑ አጠገብ አስነስቼ በሱ ወንበር ተቀመጥኩና ቁራጮቹን አንድ በአንድ ፈትቼ በትክክለኛው ፊታቸው መልሼ ቀጠልኳቸው። ብዙ ሰዓት ፈጀ። ብርሃኑ እንደፈለገ ይዝለል ብዬ አስኬድኩት።

ዓይንሽ ሾለከ። ወደ ቀኝ።

በስተቀኝ ማን እንደነበረ ከላይ ጽፌልሻለሁ፤ አልደግመውም። ዝቅ ባለው ወንበር ላይ ያለችው ሴት አቀርቅራ እየጻፈች ነበር። ዓይንሽ ወደዚያ ይሄዳል፣ ጥቂት ይጠብቃል፣ ይመለሳል። በአንዱም ላይ የሚጠብቀውን ይዞ ሲመለስ አላየሁም። ሲመለስ ፊትሽ እንዴት እንደሚሆን ደግሞ በጽሑፍ ማስፈር አልፈልግም።

አምፖል ከኋላዬ ቆሞ ያያል። ምንም የሚያውቀው ነገር የለም፤ አንቺንም ከመጋረጃ በቀር አያውቅሽም። እንደ ልማዱ ሊቀልድ መሰለኝ። ግን ሳይቀልድ፣

"ደብተሯን አስረክባ፣ ተነስታ የምትጠብቅ ተማሪ ትመስላለች" አለ።

መብራቱን አብራው አልኩት።

ፊልሙን ጠቅልዬ ስነሳ፣ መታጠቢያ ቤት ያለው ገመድሽ ይህን ሁሉ ክብደት ይችላል ወይ ብሎ ጠየቀኝ። ቆምኩ። ገመዱን ከየት አወቅህ አልኩት። ራስሽ ነሻ የነገርሽኝ፤ የልብስ መቆንጠጫ ፈልግልኝ ስትዪኝ አለኝ። እውነቱን ነው፤ ነግሬዋለሁ። ለማን አወራህ ስለው አልሸሸገም። ጸጉር አስተካካዩ ቤት፣ እንዲህ ያለች ሴት በዚህ ዕድሜዋ አሁንም ትሠራለች እያልኩ ስኮራብሽ ነው፤ እኔ ምላጭ ነው ያልኩት፣ መቀስ ያደረጉት እነሱ ናቸው አለ። አንድ ጸጉር የሌለው ሰው ጸጉር አስተካካይ ቤት ምን ይሠራል አልኩት። ወሬ ይሰማል እንጂ፣ ጸጉር ያለውማ ለወሬ ጊዜ የለውም አለኝ። ስቄ ነበር ብልሽ ታምኚኛለሽ? ሳቄ ግን መካከል ላይ ተበላሸብኝ፤ አምፖልም ፊቱን ወደ ማሽኑ አዞረ።

ስለዚህ ልጅሽ ምንም አላወራችም። ተጠራጥሬያት እንደነበረም በቃሌ ነግሬያታለሁ። ይህን ስጽፍ ሳሎን ተቀምጣ ትጠብቀኛለች፤ ኮቷን አላወለቀችም። ያቀረብኩላትን ሻይ ግን ጠጥታዋለች።

ሐሙስ ማታውኑ ደወልኩልሽ፤ አላነሳሽም። ዛሬ አርብ ጠዋትም አላነሳሽም። ልክ ነሽ፤ እኔም ብሆን አላነሳም ነበር። ዛሬ ልጅሽ ከዚህ የሚወሰዱ ነገሮችሽን ልትወስድ ስትመጣ አብሬሽ ልሂድ አልኳት። ሳትፈልግ ብትመጪባት ለልቧ ጥሩ አይደለም፤ መጀመሪያ ጻፊላትና ታንብበው አለችኝ። አንቺን አልመሰለችም፤ እኔን ነው የመሰለችው፤ አልወደድኩላትም፣ ግን ትክክል ናት። ለዚህ ነው የምጽፈው። በምሽቱ አውቶቡስ ይዛልሽ ትመጣለች። አንብበሽ ካልፈለግሽኝ ዛሬ ማታ ትደውልልኝ፤ ምክንያት መንገር አያስፈልጋትም፤ ያኔም አልመጣም አልልሽም፣ ከሆስፒታሉ ደጅ እሆናለሁ። ካልደወለች ነገ አጠገብሽ እመጣለሁ። ሐኪሙንም አያለሁ። ወጣትነቱን ይቅር ብዬዋለሁ፤ እጁ የማይንቀጠቀጥ መሆኑን ግን በዓይኔ ማየት እፈልጋለሁ።

ስለ ባለቤቴ የጻፍኩትን አንብበሽ ትስቂ ወይም ታለቅሺ ይሆናል። እሱ ሰውዬ ዓይኑ መመልከቻው ላይ ሆኖ ሕይወቱን ጨረሰ፤ ከካሜራው ጀርባ ሚስት እንዳለችውም አንዳንዴ ይረሳ ነበር። አሁን ቀስ ብዬ ሳስበው፣ ያን ሁሉ መብራት ያስቀየረው እኔ ጽፌ አቀብዬው ነው። በእህቴ አፍንጫ ላይ ጥላ ይወድቃል፣ ይስተካከል ብዬ። ይህንንም ያኔ ማንም አልነገረሽም።

ፈጣሪ ልብሽን በሚከፍተው እጅ ላይ የራሱን እጅ ያድርግበት። ያስነሳሽ። ትራስ ሳትደራርቢ የምትተኚበት፣ ደረጃ ሳታርፊ የምትወጪበት ጊዜ ያምጣልሽ። ልጅሽን ያኑርልሽ። እኔንም ከፊትሽ አያሳፍረኝ።

ነገ ስነሳ መጀመሪያ የባለቤቴን ፎቶግራፍ ወደ ቦታው እመልሳለሁ፤ አቧራውን ጠርጌ። ከዚያ አምፖል ዘንድ አልፌ እሁድ የሚታይ ነገር እንደሌለ እነግረዋለሁ፤ ማጉረምረሙን ቆሜ አልሰማውም። የመጀመሪያውን አውቶቡስ እይዛለሁ። ሆስፒታሉ ስደርስ የሚያስቀምጡኝን ቦታ አልቀበልም፤ ወንበሬን ራሴ አንስቼ፣ ተኝተሽ ራስሽን ሳታነሺ ቀጥ ብለሽ ልታዪኝ በምትችዪበት በኩል አስቀምጣለሁ። ወረቀትና እርሳስ አልይዝም።

ታላቅ እህትሽ